የጦር ሰፈሩ ቀን ቆጣሪ

ከሰኞ ጀምሮ አስተማሪ ነኝ! ይህን ዛሬ ብቻ አራት ጊዜ ጽፌዋለሁ፤ ሁለቴ በወረቀት፣ አንዴ በምድጃው አመድ ላይ፣ አሁን ደግሞ እዚህ። እዚህ ሰቆጣ የተከፈተው ትምህርት ቤት ሹም ትናንት ሰው ልከው አስጠሩኝና፣ «ትርንጎ፣ ለትንንሾቹ ፊደል የምታስቆጥሪው አንቺ ነሽ» አሉኝ።

«እኔ?» አልኩ።

«ሌላ ትርንጎ አብራሽ ገብታለች እንዴ?» አሉ።

ስወጣ ነጠላዬን ወንበሩ ላይ ረስቼው ኖሮ ዘበኛው እየሮጠ ደረሰብኝ። «አስተማሪዋ! ነጠላሽ!» አለኝ። አስተማሪ ብሎ የጠራኝ የመጀመሪያው ሰው እሱ ነው፤ እግዜር ይስጠው።

እንግዲህ ከቀድሞ ሥራዬ ጡረታ ወጣሁ ማለት ነው። አትሳቁ። ዕድሜዬ ዐሥራ ሰባት ይሁን እንጂ ስድስት ዓመት የሠራሁበት ሙያ አለኝ። ሦስቱን ዓመት በቆላ ከአርበኞች ጋር ሆኜ ቀን ቆጠርኩ። ሦስቱን ዓመት ደግሞ ከገበያው በላይ ባለው ግንብ ጥላ ሥር ተቀምጬ ለሰው ደብዳቤና አቤቱታ ጻፍኩ። ስለ አቤቱታው ብዙ የምለው የለኝም፤ የመሬት ነው፣ የበሬ ነው፣ የባል ነው። የቀን ቆጠራውን ነገር ግን ሳልጽፈው ወደ አዲሱ ሥራ ብሻገር ዕዳ ይዤ የተሻገርኩ ይመስለኛል።

አባቴ ቄስ ነበር። ጣሊያን መንደራችንን ሲያቃጥል ከደብሩ አልወጣም ብሎ እዚያው ቀረ። እናቴ ከዚያ ቀደም ብላ በንዳድ አርፋለች። የደብሩ መሪጌታ፣ እኔ የኔታ የምላቸው፣ የዐሥራ አንድ ዓመቷን ትርንጎ እጇን ይዘው ወደ ጸላሪ ቆላ ወረዱ። እዚያ ግራዝማች የምንላቸው አለቃ ጦራቸውን አስፍረው ነበር። ጦር ስላችሁ ብዙ አይምሰላችሁ፤ አንድ ደህና ሰርግ ላይ የሚታደም ሰው ያህል ነው።

ግራዝማች አዩን። የኔታ አንድ ዓይናቸውን ሞራ ሸፍኖታል፤ እኔም ከድካሙ ብዛት ቆሜ እንቅልፍ ይወስደኛል።

«ጠመንጃ ያለው ሰው ስጠኝ ብዬ ብለምነው እግዜር እነዚህን ላከልኝ» አሉ። «መሪጌታ፣ ምን ትጠቅሙኛላችሁ?»

«ዛሬ ቀኑ ስንት እንደሆነ እናውቃለን» አሉ የኔታ።

ግራዝማች ሳቁና ወደ ሰዎቻቸው ዞሩ። «ዛሬ ስንት ነው?» አንዱ ሃያ ሦስት ነው አለ፤ ሌላው ሃያ አምስት አለ፤ ሦስተኛው «ኪዳነ ምሕረት አለፈች እንዴ?» ብሎ መልሶ ጠየቃቸው። ግራዝማች ሳቃቸውን አቆሙ። በዚያው ሰዓት ሥራ ገባን። ደመወዛችን እንደማንኛውም ሰው እፍኝ ሽምብራ ነበር፤ እሱም ሲገኝ ነው።

ሥራው እንዲህ ነው። የኔታ ሁለት የቀንድ ዋንጫና ከወንዝ የተለቀሙ ሠላሳ ነጫጭ ጠጠሮች ነበሯቸው። አንደኛው ዋንጫ ያለፉት ቀኖች ነው፤ ሁለተኛው ያልመጡት። በየማለዳው አንድ ጠጠር ካልመጡት ወደ ያለፉት ይሻገራል። ቀኑ ከታወቀ ዕለቱን የኔታ በጣታቸው አንጓ ያሰሉታል፤ ከዚያ ረቡዕ ነው ወይስ ዓርብ፣ ይጾማል ወይስ ይበላል፣ ማን ይዘከራል፣ ሁሉ ይነገራል። በዙሪያችን ያሉት አብያተ ክርስቲያናት ወይ ተቃጥለዋል ወይ ካህናታቸው ተበትነዋል። ደወል የሚባል አይሰማም። ለዚያ ሁሉ ሰው በዓሉና ጾሙ እዚያ ቀንድ ውስጥ ነበር።

የኔታ ፊታቸውን ሳይታጠቡ ጠጠሩን አይነኩም። ነክተው እስኪጨርሱም ከማንም ጋር አይነጋገሩም፤ ግራዝማች ራሳቸው ቢመጡ እንኳ በእጃቸው ቆይ ይሏቸዋል። ጠጠሩን ካሻገሩ በኋላ ያለፉትን በሙሉ መዳፋቸው ላይ ገልብጠው እንደገና ይቆጥራሉ። «ትናንትን ሳልጠይቅ ዛሬን አልናገርም» ይላሉ። መጻፍም ያስተማሩኝ እዚያው ነው። ከድስት ቂጥ ጥላሸት እፍቃለሁ፤ የግራር ሙጫ በጥብጬ እለውሰዋለሁ፤ መቃ ቀርጬ ብዕር አደርጋለሁ። ወረቀታችን አውሮፕላን የሚበትነው የጣሊያን ወሬ ነበር፤ ጀርባው ባዶ ነው። ግራዝማች ወደ ሌላ ጦር የሚልኩትን ደብዳቤ የኔታ ይናገራሉ፣ እኔ እጽፋለሁ። ስሳሳት በቢላዋ ጫፍ ያስፍቁኛል እንጂ አይቆጡም።

መጀመሪያ ሰሞን ወታደሩ ቀን አይጠይቅም ነበር። ሚካኤል ሲሆን፣ ማርያም ስትሆን ብቻ ነው ወደ እኛ የሚመጣው። ንጉሡ አዲስ አበባ ገቡ የሚባል ወሬ ከመጣ በኋላ ግን ሁሉም ነገር ተለወጠ። ፊት ለፊታችን ጉብታው ላይ ካለው ምሽግ በቀር በአካባቢው ጣሊያን አልቀረም። ያም ምሽግ ዛሬ ነገ ይወድቃል ይባላል። ይኼኔ ሰዎቹ በየማለዳው ይሰበሰቡብኝ ጀመር። «እሜቴ ጠጠር፣ ዛሬ ስንት ሆነ?» ይሉኛል። ስም ያወጡልኝ እነሱ ናቸው። «ለሰኔ ጊዮርጊስ ስንት ቀረው? በሬዬን ለማን ሰጥተውት ይሆን? ማሳዬ ጦሙን ሊያድር ነው።»

ጦርነት ሊያልቅ ሲል ሰው የሚፈራውን ያህል መሐሉ ላይ ሲሆን አይፈራም፤ ይህን በዓይኔ አይቻለሁ። አራት ዓመት ሙሉ በጥይት መሐል እየተሹለከለከ ያለፈ ሰው፣ ውሃ ሊቀዳ ሲወርድ ማተቡን ይዳስስ ጀመር። ቀኑ የሚያልፈው በጥቃቅን ሥራ ነበር። ፀሐይ ብልጭ ስትል ጋቢያቸውን ገልብጠው ቅማል ይለቅማሉ። የበሬ ቆዳ አርሰው ጫማ ይጠግናሉ። አምስትም ይሁን ስድስት የቀረቻቸውን ጥይት እያወጡ በቅቤ ጨርቅ ይወለውላሉ። ከዝናቡ ጋር በሶው ይሻግታል፤ የሻገተውን በእሳት አምሰው ይበሉታል። ማንም አይፎክርም። ፉከራው ለመጨረሻ ይቀመጥ ብለው የተስማሙ ይመስል ነበር።

ከሁሉም ወደ እኔ የሚመላለሱት ሁለት ጓደኛሞች ነበሩ፤ ጌታሁንና ባዬ። ጌታሁን ረጅም፣ ዝምተኛ፣ ከሰቆጣ ዙሪያ የመጣ ገበሬ ነው። ከበቅሎው ጋር ሲያወራ በኽምጣኛ፣ ከሰው ጋር ሲያወራ በአማርኛ ነው፤ ለበቅሎው ብዙ ይናገራል፣ ለሰው ጥቂት። ባዬ አጭር፣ ቀልደኛ፣ ጾም የሚባል ነገር የማይወድ።

ሐምሌ ገባ። የሐዋርያት ጾም ተፈታ። ግራዝማች ከወደ ኒሯቅ ካለ ሌላ ጦር ጋር ተላልከው ነበር፤ ደብዳቤውን የጻፍኩት እኔ ነኝ። በሐምሌ ሚካኤል ማለዳ፣ ማለትም በዐሥራ ሁለት፣ የዚያ ጦር ሰዎች ከኛ በላይ ያለውን የተራራ መተላለፊያ በር፣ ግራና ቀኙን ሸንተረር ይዘው ይጠብቃሉ፤ ከኛ ሁለት ሰው ሄዶ ጥይት ይረከባል። በሩ ገላጣ ነው፤ ከምሽጉ ይታያል። ሸንተረሩን የያዘ ወገን ከሌለ እዚያ መቆም ሞት መሆኑን ሁሉም ያውቃል።

ከዚያ በፊት በነበረው እሑድ የኔታን ንዳድ ጣላቸው። ሰኞም አልተነሡም። ሁለቱንም ማለዳ ጠጠሩን ያሻገርኩት እኔ ነኝ፤ ፊቴን ታጥቤ፣ አፌን ዘግቼ፣ ልክ እንደሳቸው። እንዴት ደስ እንዳለኝ! ሰዎቹ ከበውኝ ሲጠብቁ ግራዝማች የሆንኩ መሰለኝ። ማክሰኞ ጠዋትም ተነሥቼ አንድ ጠጠር አሻገርኩ። የኔታ ተጋድመዋል፤ ላብ አጥምቋቸዋል። ያለፉትን መዳፌ ላይ ገልብጬ ቆጠርኩ፤ ዘጠኝ። ዘጠኝ ከሆነ ረቡዕ ነው፤ ጾም ነው አልኩ።

«ረቡዕ?» አለ ባዬ። «እሑድ ካለፈ ገና አንድ ቀን አይደለም እንዴ? ሰኞን በላን፤ ማክሰኞን ማን በላት?»

«ባዬ ጾም ሲመጣ ሳምንት ያጥርበታል!» አለ አንዱ። ሰፈሩ በሳቅ ፈረሰ።

ጌታሁን ብቻ አልሳቀም። «እስኪ እንደገና ቁጠሪው፣ እሜቴ» አለኝ በቀስታ።

ገልብጬ ቆጠርኩለት። ዘጠኝ ነው። «ጠጠር አይዋሽም» አልኩ። የኔታን ግን አልጠየቅኳቸውም። ትኩሳቱ በረድ ሲልላቸው፣ ያን ቀን ከሰዓት በኋላ፣ ልጠይቃቸው እችል ነበር። ያልጠየቅኩት ስለረሳሁ አይደለም። ብቻዬን ሠርቼው ማየት ስለፈለግኩ ነው።

በኛ ቆጠራ የሚካኤል ዋዜማ በሆነው ቀን ጌታሁን መጣ። ከባዬ ጋር የተመደበው እሱ ነበር።

«ነገ ሚካኤል ነው አይደል?»

«ሚካኤል ነው።»

«እናቴ የሚካኤል ዝክር አላት» አለ። «እዚያ ሆና ስትዘክር እኔም በሩ ላይ ሆኜ በልቤ እዘክራለሁ።» ከዚህ የረዘመ ነገር ሲናገር ሰምቼው አላውቅም።

ጎህ ሳይቀድ ሁለቱ ወጡ። ረፋዱ ላይ ግራዝማች ለሚካኤል ብለው አንድ ፍየል አሳረዱ። ከፋሲካ ወዲህ ሥጋ ያላየ ሰው ብዙ ነበር። ዝናቡም አባራልን። የኔታ በዚያ ቀን ሻል ብሏቸው ዋሻው ደጃፍ ላይ ጋቢ ደርበው ተቀምጠዋል። ሥጋው ገና መታደል ሲጀምር አንዲት አሞሌ ጨው የጫነች ሴትዮ አህያዋን እየነዳች በመንገዱ ብቅ አለች። ቆመች። አየችን።

«እናንተ ሰዎች» አለች፣ «ጣሊያን ሃይማኖታችሁንም ወሰደው?»

«ምነው እናቴ?» አለ ሥጋ አዳዩ።

«በዓርብ ምድር ሥጋ!»

«ዛሬ ቅዳሜ ነው እናቴ። ሚካኤል ነው።»

«እኔ ጨው ጭኜ የምወርደው ለነገው የቅዳሜ ገበያ ነው!» አለች። «ወይስ ገበያተኛው ሁሉ አብዷል?»

አንድ ሁለት ሰው ሳቀ። ሌላው ጉንጩ ውስጥ ያለውን ተፋ። እኔ ወደ የኔታ ዞርኩ። የኔታ ዋንጫውን አንሥተው ያለፉትን ጠጠሮች እየገለበጡ ነበር። እጃቸው ቆመ።

«ትርንጎ» አሉ። «ትኩሳቱ በጸናብኝ ጊዜ፣ ማክሰኞ ማለዳ ይመስለኛል፣ አንድ ጠጠር አሻግሬ ተኛሁ። አንቺም አሻግረሻል?»

 በአዎንታ ራሴን ነቀነቅኩ።

ግራዝማች ገና ሳይነገራቸው ገባቸው። ሥጋው ከእጃቸው ወደቀ። «ፈጥኖ የሚሮጥ! በሩ ላይ ያሉትን መልሱ!» ብለው ጮኹ። ሦስት ሰው ተወርውሮ ዳገቱን ያዘ። እኔም ተከትዬ ሮጥኩ፤ ማንም ተመለሺ አላለኝም፣ ያየኝም አልነበረም። ጭቃው እግሬን ይዞ አልለቅ ይላል። ግማሽ ዳገት ሳልደርስ ከላይ ተኩስ ሰማሁ። አንድ፣ ከዚያ ብዙ፣ ከዚያ ዝም።

እኩለ ቀን ላይ ባዬ ጌታሁንን ተሸክሞ ወረደ። ያን የሚያህል ረጅም ሰው፣ ያ አጭር ሰው፣ ብቻውን። ልንቀበለው ስንል «አትንኩት» አለ። መሬት ካስተኛው በኋላ ዐይኑ እኔን ፈለገ። ይሰድበኛል ብዬ ጠበቅኩ። «ወገን ሸንተረሩ ላይ የለም» አለ ብቻ። «ጠበቅን፣ ጠበቅን፤ ማንም የለም።»

የኔታ በሰው ፊት ቆመው «ጥፋቱ የኔ ነው፤ ለማንም ሳልናገር ጠጠሩን የነካሁት እኔ ነኝ» አሉ። እኔም «የሁለታችን ነው» አልኩ፤ «ባዬ ነግሮኝ ነበር፤ ጌታሁንም ቁጠሪው ብሎኝ ነበር» አልኩ። ማንም አልመታኝም፤ ማንም አልተናገረኝም። ቢመቱኝ ይሻለኝ ነበር። በተቃጠለችው ቤተ ክርስቲያን ቅጥር ውስጥ ቀበርነው፤ ፍትሐቱን የኔታ አደረሱ። ከዚያ ወዲያ ፍየሉን የነካው ሰው የለም።

በማግስቱ ግራዝማች ለእናቱ ደብዳቤ አስጻፉኝ። የምጽፈውን አንድ በአንድ ነገሩኝ፤ ጀግንነቱን፣ የተቀበረበትን። በመጨረሻ «በሚካኤል ዕለት ወደቀ በይ» አሉኝ።

«ግራዝማች፣ ቀኑ እኮ ዐሥራ አንድ ነው።»

«እናቲቱ ሚካኤልን የምትዘክር ናት። በዕለቱ ወሰደልኝ ብላ ትጽናናበት። ለሞተ ሰው አንድ ቀን ምኑ ነው?»

የኔታን አየኋቸው። ተነሥተው ወጡ። እኔ ጻፍኩ። እውነቱን ልናገር፤ የጻፍኩት ለእናቱ አዝኜ ብቻ አይደለም። ዐሥራ ሁለት ብዬ ስጽፍ ስሕተቴ የጠፋ መሰለኝ። በሚካኤል ዕለት ከሞተማ የኔ ቆጠራ ልክ ነበር ማለት ነው። በራሴ እጅ ብቻ፣ ያለ የኔታ፣ የጻፍኩት የመጀመሪያው ደብዳቤ ያ ነው። ፊደሉ ያምር ነበር።

ምሽጉ ጌታሁን ከሞተ በሃያ ስድስተኛው ቀን እጅ ሰጠ። አንዲት ጥይት አልተተኮሰም። የጣሊያን ቅጥር ወታደሮች፣ አስካሪዎቹ፣ ነጭ ሸማ በዱላ አንጠልጥለው ወረዱ፤ ከኛም ይልቅ ተርበዋል። ባዬ ለአንዱ በሶውን ሰጠው። ሰጥቶት ሲያበቃ ፊቱን አዞረ፤ ሲበላ ሊያየው አልፈለገም። ፉከራው ያን ዕለት መጣ፤ ግን ብዙ አልቆየም። ሁሉም ማሳውን እያሰበ ነበር። ለጤፉ ባንደርስ ለሽምብራው እንደርሳለን እያሉ በሁለት ሦስት ሆነው ወጡ፤ በሳምንት ውስጥ ሰፈሩ ባዶ ሆነ።

ሰቆጣ ከመጣን በኋላ የኔታ ስለዚያ ደብዳቤ የተናገሩኝ አንድ ጊዜ ነው። አቤቱታ ስጽፍ ቀን ተሳስቼ በቢላዋ ስፍቅ አዩኝና፣ «ይህ በቢላዋ ይፋቃል፤ ያኛው ግን ሰው ዘንድ በእግር ተሂዶ ነው የሚታረም» አሉ።  ባለፈው ዓመት ዐረፉ። እኔ ግን አልሄድኩም ነበር።

ትናንት የትምህርት ቤቱ ሹም ሥራዬን ሲዘረዝሩልኝ፣ «በየጠዋቱ ቀኑን በሰሌዳው ላይ የምትጽፊው አንቺ ነሽ» አሉኝ። ደስታዬ እንዳለ ነበር፤ ግን በሐሰት ቀን የጻፍኩት ያ ደብዳቤ ትዝ አለኝ። ዛሬ ማለዳ ተነሥቼ ወደ ጌታሁን እናት፣ ወደ እማማ ብርቄ፣ ሄድኩ። የሁለት ሰዓት መንገድ ነው። ሦስት ዓመት የፈጀብኝ የሁለት ሰዓት መንገድ።

እማማ ብርቄ ደጃፋቸው ላይ ገብስ ያበጥሩ ነበር። ማን እንደሆንኩ ስነግራቸው ሰፌዱን አስቀመጡና ገብተው ደብዳቤውን አመጡ። በቆዳ ሰፍተውታል። «አንቺ ነሽ የጻፍሽው? እጅሽ ይባረክ» አሉኝ። «ሦስት ዓመት በሚካኤል ዕለት ነዳያን አበላሁበት።»

ቆሜ ነገርኳቸው። ጠጠሩን፣ የኔታን፣ ባዬን፣ ፍየሉን፣ ሁሉን። ለምን እንደጻፍኩትም ነገርኳቸው። መሐል ላይ በኽምጣኛ አንድ ነገር ተናገሩ፤ ለእኔ አልነበረም። ከዚያ ደብዳቤውን በመዳፋቸው አገላበጡ። ሂጂ ከደጄ የሚሉኝ መሰለኝ፤ እግሬንም ለመሄድ አዘጋጅቼ ነበር።

«ዓርብ ነበር አልሽ?» አሉ በመጨረሻ።

«ዓርብ ነበር።»

«ከዚያ ፍየል ቀምሷል?»

«አልቀመሰም፣ እማማ። ፍየሉ ሳይታረድ ነው የወጣው። ውሃ እንኳ አልቀመሰም፤ ባዬ ነግሮኛል።»

እማማ ብርቄ በነጠላቸው ፊታቸውን ሸፈኑ። «እንግዲያ ልጄ ጌታ በተሰቀለበት በዓርብ ዕለት፣ ጾሙን ሳይፈታ ነው የሄደው» አሉ። አለቀሱ፤ እኔም አለቀስኩ። ቆይተው ግን ነጠላውን ገለጥ አድርገው በቁጣ አዩኝ። «አንቺ ልጅ፣ ይህን ከእናት ሦስት ዓመት ትደብቂያለሽ? ሚካኤልስ ይሁን፣ በልቷል፤ አይቀየመኝም። የልጄን ቀን ግን በባዶ አሳለፍሽብኝ!»

«ይቅር ይበሉኝ» አልኩ።

«ይቅር ማለቱን በቀኑ ስትመጪ እናየዋለን» አሉ። «ደግሞ ብቻሽን እንዳትመጪ። መጻፍ ታውቂ የለ? እዚያ የነበሩትን ሁሉ ጥሪልኝ። ያን ፍየል በእጃቸው የያዙትን በሙሉ። ልጄ ያልበላውን በቤቱ ያብሉልኝ።»

ስለዚህ ይህን የምታነቡ፣ ወይም ሲነበብ የምትሰሙ፣ ከግራዝማች ጦር የነበራችሁ ሁሉ፣ እማማ ብርቄ ጠርተዋችኋል። አንተም ባዬ፣ የት እንዳለህ ባላውቅም፣ ከሁሉ በፊት አንተን ነው። እዚያ ያልነበራችሁም፣ በጦርነት ሰው የጠፋባችሁና ቀኑን የማታውቁ፣ ኑ፤ አብራችሁ ዘክሩ። ምንም ይዛችሁ እንዳትመጡ ብለዋል። ቀኑ ሐምሌ ዐሥራ አንድ ነው፤ ዐሥራ ሁለት አይደለም። እኔ ቆጥሬዋለሁ፤ ሁለት ቄስም አስቆጥሬዋለሁ።